«ከሁለት ያጣ» ማን ነው?

ነገሬን በሳቅ ልጀምር።

በምኖርበት በዋሺንግተን አካባቢ አንድ የማኅበር ስብሰባ ላይ ተቀምጠናል። አዳራሹ ሞልቷል፤ ልጆቻችንም ከኋላ ወንበር ተደርድረው ስልካቸውን ይነካካሉ። ሰብሳቢው ጉሮሯቸውን ጠርገው «እንግዲህ ወደ ቁጥር ሁለት እንሻገር፤ ቁጥር ሁለት ከበድ ስለሚል ትዕግሥት ይጠይቃል» ከማለታቸው የኋላው ወንበር በሳቅ ፈነዳ። እናቶች ዞረው አፈጠጡ። ሰብሳቢው «ምኑ ነው የሚያስቀው?» ብለው ተቆጡ። መልስ የሰጠ አልነበረም፤ ሳቁ ግን ጭራሽ ባሰ።

ምሥጢሩ የገባኝ ማታ ቤት ገብቼ የአሥራ ሁለት ዓመት ልጄን ስጠይቃት ነው። ለካስ የአሜሪካ ሕፃናት መጸዳጃ ቤት ለመሄድ ሲያስፈቅዱ ነገሩን የሚሸፍኑት በቁጥር ኖሯል። ቀላሉ «ቁጥር አንድ» ነው፤ ትልቁ ጉዳይ «ቁጥር ሁለት»። እኛ በልጅነታችን «ደጅ ወጣ»፣ «ሜዳ ወጣ» እያልን የሸፈንነውን እነሱ በሒሳብ ሸፈኑት ማለት ነው። እንዲህ ከሆነ ሰብሳቢያችን «ቁጥር ሁለት ከባድ ነው፤ ትዕግሥት ይጠይቃል» ሲሉ ልጆቹ ቢስቁ ይፈረድባቸዋል? እኔም ብቻዬን ሳቅሁ።

ሳቁ ሲበርድልኝ ግን አንድ ነገር ከነከነኝ። ያን ዕለት እኛ የነሱ «ሁለት» ስላልገባን ተናደድን። የኛ «ሁለት» ግን በየቀኑ ሳይገባቸው ሲቀር ማን ልብ ብሎላቸው ያውቃል? ይህች ትንሽ ቁጥር በአማርኛ ምን ያህል ጣጣ እንዳላት፣ እኛም እንዴት አድርገን እንደምንሠራባት ብናገላብጠው ጥሩ ነው። ሂሱ ለቋንቋው አይደለም፤ ለተናጋሪዎቹ ለኛ ነው።

ከሰዓት እንጀምር። አዲስ አበባ ያለችው እናቴ ለልጄ «እሑድ ሁለት ሰዓት ላይ ደውዪልኝ፤ እጠብቅሻለሁ» ብላ ቀጠረቻት። ወሩ የበረዶ ወር ነበር። ልጄም አክብራ፣ ቀኑን ሙሉ ሰዓቷን እያየች፣ እዚህ ከቀትር በኋላ ልክ ሁለት ሲሆን ደወለች። አዲስ አበባ ያን ጊዜ ከምሽቱ አራት ሰዓት ነው። እናቴ የጠበቀችው የማታውን ሁለት ሰዓት፣ ማለትም ፈረንጅ ስምንት የሚለውን ነበር። ሁለት ሰዓት ሙሉ ስልኩን አጠገቧ አድርጋ ተቀምጣ፣ ቀረች ብላ ተኝታለች። በዚያ ሰዓት ስልክ ሲጮህ ደግሞ ያው እንደምታውቁት የመርዶ ስልክ ነው። አንስታ ያለችው የመጀመሪያ ቃል «ማን ምን ሆነ?» ነበር።

እኛ ይህን ሁለት ዓይነት ሰዓት ሳናስበው ከአንዱ ወደ አንዱ እንዘላለን። በማታው የሁለት ሰዓት ዜና ያደገ ሰው ስምንትን ሁለት ብሎ ለመተርጎም ሐሳብ አያባክንም። ለልጅ ግን ማንም ቁጭ ብሎ አላስረዳትም። አገራችን ለምድር ወገብ ቅርብ ስለሆነች ፀሐይ ዓመቱን ሙሉ የምትወጣው በተቀራራቢ ጊዜ ነው፤ ስለዚህ ቀኑ የሚቆጠረው ከንጋት ነው። ከነጋ አንድ ሰዓት ሲያልፍ አንድ፣ ሁለት ሲያልፍ ሁለት። በዚህ ብቻችንን አይደለንም፤ ጎረቤቶቻችን የስዋሂሊ ተናጋሪዎችም ፈረንጅ ስምንት የሚለውን ሰዓት «ሳአ ምቢሊ» ይሉታል፤ ሁለት ሰዓት ማለት ነው። ልጄ ይህን ስነግራት «ታዲያ እኮ የእናንተው ይሻላል! ለምን ቀድመህ አልነገርከኝም?» አለችኝ። መልስ አልነበረኝም።

ነገሩ በዚህ አላበቃም። እናቴ ድንጋጤዋ ሲለቃት «የኔ እናት፣ ሁለተኛ በዚህ ሰዓት እንዳትደውዪ፤ ልቤ ቀጥ ነው ያለው» አለቻት። ልጄ ስልኩን ዘግታ ወደኔ መጣችና ምን ብትለኝ ጥሩ ነው? «ሁለተኛው ካልተፈቀደ፣ ሦስተኛው ይቻላል?»

እስቲ አስቡት። «ሁለተኛ» ከ«አንደኛ» ቀጥሎ የሚመጣ ቁጥር ነው ብለን አስተምረናታል። በአፋችን ግን የምንሠራበት «ከእንግዲህ በፍጹም» ለማለት ነው። «ሁለተኛ አልሄድም»፣ «ሁለተኛ እንዳትነካው»፣ ሲብስም ያለ ግሥ ብቻዋን፣ ጣት ቀስሮ «ሁለተኛ!»። ከኛ መካከል በልጅነቱ አለንጋ ፊት ቆሞ «ሁለተኛ አይለምደኝም!» ያላለ አለ? ስሌቱ አጭር ነው፤ የመጀመሪያው አንዴ ሆኗል፣ አይመለስም። መዝጋት የሚቻለው ሁለተኛውን ነው። እሱ ከተዘጋ ሦስተኛው ከየት ይመጣል? አማርኛ ለዘላለም የሚሆን በር የሚዘጋው በሁለት ቁጥር ነው።

በአንጻሩ ከግእዝ የወረስነው ሌላው የሁለተኛ ስም ጠባዩ ፍጹም የተለየ ነው። «ዳግም» ይባላል። ዳግማዊ ምኒልክ፣ ዳግማዊ ቴዎድሮስ ስንል ሁለተኛ ማለታችን ቢሆንም ቃሉ የመመለስ መንፈስ አለው። ከፋሲካ ቀጥሎ ያለው እሑድ ዳግም ትንሣኤ ነው። «ደገመ» ከሚለው ግሥ ምን ያህል ነገር እንደሚወጣ ተመልከቱ። ካህኑ ዳዊት ይደግማል። ጠንቋዩም ይደግማል፤ የሱ ግን ድግምት ይባላል። እናት እንግዳዋን «ምነው፣ ድገሙ እንጂ!» ትላለች። ጸሎትም፣ አስማትም፣ እንጀራም ከአንድ ግሥ። እንግዲህ አማርኛ ለሁለተኛ ጊዜ ሁለት ቃል አለው፤ አንዱ በር ይዘጋል፣ አንዱ በር ይከፍታል። እኛ ለልጆቻችን አዘውትረን የምናሰማቸው የትኛውን ነው? መልሱን ለናንተው ልተወው። በኔ ቤት «ሁለተኛ!» በቀን አምስት ጊዜ ይሰማል፤ «ድገሚ» የሚባለው ምግብ ላይ ብቻ ነው።

አሁን ደግሞ ከበድ ወዳለው እንለፍ፤ ወደ «ሁለት ልብ»ና «ሁለት ምላስ»። እዚህ ስደት ላይ፣ በተለይ የፖለቲካው ወሬ ሲጦፍ፣ እነዚህ ሁለት አነጋገሮች ሲምታቱ እሰማለሁ። አቋሙ ያልጣመንን ሰው «እሱ እኮ ሁለት ልብ ነው፤ አትመኑት» እንላለን። ይህ የቃል ስሕተት ነው፤ ስሕተቱም ሰው ይጎዳል። በአማርኛ ልብ ማለት የሐሳብ መቀመጫ ነው፤ «ልብ በል»፣ «ልብ አድርግ» የምንለው ለዚህ ነው። ልቡ ሁለት የሆነ ሰው እንግዲህ ሐሳቡ የተከፈለ፣ ያልቆረጠ፣ ልሂድ ልቅር እያለ የሚያወጣ የሚያወርድ ሰው ነው። የሚያስጨንቀው ራሱን ነው። ሁለት ምላስ ያለው ግን ሐሳቡን ቆርጦ የጨረሰ ነው፤ ላንተ አንድ፣ ለኔ ሌላ የሚናገረው አውቆ ነው። የመጀመሪያው ምክር ያሻዋል፤ ሁለተኛውን መጠንቀቅ ይበጃል። ሁለቱን ስናምታታ የሆነው ምንድን ነው? የተጨነቀውን ሁሉ ከሃዲ አደረግነው። ስንት ወዳጅነት በዚህ እንደፈረሰ ታውቃላችሁ።

የሚያስገርመው፣ ሁለት ምላስን እንዲህ የሚጠላ ሕዝብ ሁለት ትርጉምን ከሁሉ አብልጦ ማክበሩ ነው። ሰምና ወርቅን ማለቴ ነው። ስያሜው የተወሰደው ከአንጥረኛ ነው። አንጥረኛው ቅርጹን በሰም ይሠራና በጭቃ ይሸፍነዋል፤ በእሳት ሰሙ ቀልጦ ሲወጣ በቦታው ወርቁ ይፈስሳል። ባለቅኔውም በአንድ ቃል ላይ ሁለት ፍቺ ያሳድራል፤ ቃሉም ኅብር ይባላል። ዶናልድ ሌቪን የተባለው አሜሪካዊ የኅብረተሰብ ጥናት ሊቅ በ1965 እ.ኤ.አ. ስለ ባህላችን ያሳተመውን መጽሐፍ ርእሱን «ሰምና ወርቅ» ያለው ያለ ነገር አይደለም። ታዲያ በሁለት ምላስና በሰምና ወርቅ መካከል ያለው ልዩነት ምንድን ነው? እኔ እንደሚመስለኝ፣ ባለ ሁለት ምላሱ አንዱን ትርጉም ካንተ ይደብቃል፤ ባለቅኔው ግን እንድታገኘው ብሎ ነው የሚሸፍነው። ሰሚው ወርቁን ሲያገኝ ባለቅኔውም ደስ ይለዋል። በልቡ ያለው ንቀት ሳይሆን እምነት ነው።

ስለ ትርጉም ካነሳን፣ ከእንግሊዝኛ ተገልብጠው ስለገቡት «ሁለቶች»ም አንድ ቃል ልበል። «በአንድ ድንጋይ ሁለት ወፍ» የባዕድ መሆኑ ቢታወቅም አሁን ለምዷል፤ ይኑር። «ሁለተኛ እጅ መኪና» የሚለው ግን ምን የጎደለንን ሊሞላ መጣ? «ያገለገለ መኪና» ስንል ኖረናል። ለልብሱም «ልባሽ» አለ፤ የመርካቶ ሰው «ሰልባጅ» ይለዋል። «ሁለት ጊዜ አስብበት» የሚለውም እንዲሁ ነው። «ደግመህ አስብበት»፣ ከዚያም ሲያምር «አውጣና አውርድ» የሚል ቋንቋ ያለው ሰው ምን ቆርጦት ይበደራል? ደግሞስ አማርኛ ሁለትነትን ያለ ቁጥር መናገር ያውቅበታል፤ ወጣ ገባ፣ ሄድ መለስ፣ ላይ ታች። ወዳጆችም ተገናኝተው «አንድ ሁለት እንበል» ሲባባሉ ስለ መጠጥ እንጂ ስለ ቁጥር እንዳልሆነ፣ የሚቆሙትም ሁለት ላይ እንዳልሆነ ሁላችንም እናውቃለን።

ይህን ሁሉ ያነሳሁት ወደ አንድ ነገር ልደርስ ነው።

ከወራት በፊት ቤቴ ቡና ተፈልቶ እንግዶች ተቀምጠዋል። ልጄ ፈንዲሻውን እያዞረች ነው። አንደኛው እንግዳ፣ ደግ ሰው ነው፣ ክፋት የለበትም፣ በአማርኛ አንድ ነገር ጠየቃት። እሷ በተሰባበረ አማርኛ ጀምራ በእንግሊዝኛ ጨረሰች። ሰውዬው ራሱን ነቀነቀና ወደኛ ዞሮ «አይ፣ የኛ ልጆች! ከሁለት ያጡ ሆነው ቀሩ እኮ» አለ። ሁላችንም «እውነት ነው፣ እውነት ነው» አልን። እኔም ጭምር ብያለሁ። ፈንዲሻው መዞሩን ቀጠለ።

ሌሊት ልትተኛ ስትል ጠራችኝ። «አባዬ፣ ያጣሁት ሁለቱ ምንና ምን ናቸው?» አለችኝ።

እኔ ደግሞ ይህችኛው ሳትገባት ያለፈች መስሎኝ ነበር። ሁለት ሰዓት ያልገባት፣ «ሁለተኛ» ያልገባት ልጅ «ከሁለት ያጣ» ገብቷታል። የማይገባቸው የምናስተምራቸው ነው እንጂ የምንሰድባቸውስ ይገባቸዋል።

አንዱ አማርኛው መሆኑ ነው። ሁለተኛውስ? እንግሊዝኛው እንዳልል ከኔ አሥር እጅ አሻግራ ትናገረዋለች። አገሩ እንዳልል የተወለደችው እዚሁ ነው። ስለዚህ እንደ ተቺ ቃሉን መረመርሁት። «ከሁለት ያጣ» የሚባለው ማን ነው? ሁለቱንም በእጁ ይዞ፣ ወይም ሁለቱንም ልያዝ ብሎ ሮጦ፣ በስስቱ ወይም ባለመቁረጡ ሁለቱንም ያመለጠው ሰው ነው። ሌላ ሥራ አገኛለሁ ብሎ የያዘውን ለቅቆ ያም ያልቀናው፣ ሁለት ቤት ልግዛ ብሎ አንድም ያልቀረለት ሰው ነው። ቃሉ በውስጡ ፍርድ አለው፤ ያጣው በራሱ ጥፋት ነው ይላል። ልጅ ግን ምኑን ይዛ ነው ያጣችው? ያልተሰጠ ነገር አይጠፋም። አማርኛው ከሌላት፣ የጎደለው ከሰጪው እጅ ነው። ስለዚህ አነጋገሩ ከስሜትም በፊት በቋንቋ ሕግ ስሕተት ነው።

ከዚህም አልፎ ብመለከት አንድ ያላማረኝ ነገር ታየኝ። «በሚቀጥለው ዓመት አገሬ እገባለሁ» እያሉ ሃያና ሠላሳ ዓመት የኖሩት፣ ሻንጣቸውን በልባቸው ሳይፈቱ እዚህም ሳይደላደሉ፣ እዚያም ሳይመለሱ ፀጉራቸው የሸበተ እነማን ናቸው? ሁለቱን በእጁ ይዞ የነበረው፣ ሊመርጥም ይችል የነበረው ማን ነው? ቃሉ በትክክል የሚገጥመው ለኛ ነው። ለራሳችን የተሰፋውን ልብስ ለልጆቻችን አለበስናቸው።

አንዳንድ አንባቢ «ታዲያ ልጆቹ አማርኛ አለመቻላቸውን በማባበል ልናልፈው ነው?» ሊለኝ ይችላል። አይደለም። የልጄ አማርኛ ያነክሳል፤ ይህን አልሸፋፍንም። አባቶቻችንም «ሁለት እግር አለኝ ተብሎ ሁለት ዛፍ አይወጣም» ብለዋል። እውነት አለው፤ ሁለት ቋንቋ እኩል መያዝ ቀላል ነገር አይደለም። ግን እኒያው አባቶች መልሰው «ሁለት ባላ ትከል፣ አንዱ ቢሰበር በአንዱ ተንጠልጠል» ይላሉ። ተረትና ምሳሌዎቻችን እንደ ዳኛ አይፈርዱም፤ እንደ ጠበቃ ይከራከራሉ። አንዱን ሰምቶ ሌላውን አለመስማት ግን የአድማጩ ጥፋት ነው። እኛ የዛፉን ይዘን የባላውን ጥለናል። ሁለት ልብ፣ ሁለት ምላስ፣ ከሁለት ያጣ፤ የ«ሁለት»ን ክፉ ክፉውን ቋጥረን መጥተን ደግ ደጉን እዚያው አገር ቤት ረስተነዋል።

ደጉ ደግሞ ብዙ ነው። «ከአንድ ብርቱ ሁለት መድኃኒቱ» አለ። ያረገዘች ሴት «ሁለት ነፍስ ናት» ተብላ መንገድ ይለቀቅላታል። ስትወልድም «ተገላገለች» እንላለን፤ የተጣሉ ሰዎችን በምንገላግልበት በዚያው ግሥ። ከሁሉ ይበልጥ ግን የምወደው መቀናጆን ነው። አገር ቤት የሚታረሰው በጥማድ በሬ ነው፤ ጥንዱ በአንድ ቀን የሚያርሰው መሬት ራሱ «ጥማድ» ተብሎ ይለካል፣ ሩብ ሄክታር ገደማ ነው። አንድ በሬ ብቻ ያለው ገበሬ እንግዲህ ምን ይሁን? አንድ በሬ ካለው ጎረቤቱ ጋር ይቀናጃል። ሁለቱን ጠምደው ዛሬ ያንዱን ማሳ፣ ነገ የሌላውን ያርሳሉ። ይህ ነው መቀናጆ። «መቀናጀት»፣ «ቅንጅት» የሚሉት ቃላት ዘራቸው ከዚህ ነው። ልብ በሉ፤ መቀናጆ የገባውን ገበሬ «ከሁለት ያጣ» ብሎ የሚሰድበው የለም። ጎደሎ መሆኑ ይታወቃል፤ ግን መሬቱ ታርሶ ያድራል።

ከመንግሥት መሥሪያ ቤት ደብዳቤ ሲመጣ፣ የኪራይ ውል ሲፈረም፣ ሐኪሙ በፍጥነት ሲናገር፣ በጥግ በኩል አይታ «አባዬ፣ እንዲህ ማለቱ ነው» የምትለኝ ያችው ልጅ ናት። የኔ እንግሊዝኛ እንደሷ አማርኛ ያነክሳል፤ ማንም ግን እኔን ከሁለት ያጣ ብሎኝ አያውቅም። እሷ አንድ በሬ አላት፣ እኔም አንድ በሬ አለኝ። መጠመድ ነው የቀረን።

ለጥያቄዋ በማግሥቱ መልስ ሰጠኋት። «ያጣሽው ነገር የለም፤ ገና ያልሰጠሁሽ ነው ያለው» አልኋት። ብዙም የተደነቀች አልመሰለኝም፤ «እሺ፣ መቼ ነው የምትሰጠኝ?» አለችኝ። ቀጠሮ ያዝን። እሑድ እሑድ እኩለ ቀን ላይ፣ አዲስ አበባ የማታው ሁለት ሰዓት ሲሆን፣ አብረን ለአያቷ እንደውላለን፤ በጋው ገብቶ እዚህ ሰዓት ሲቀየር ደግሞ አንድ ሰዓት እንገፋዋለን። ያልገባትን ቃል እጽፍላታለሁ፤ እኔ ያልገባኝን የደብዳቤ ቃል እሷ ትጽፍልኛለች።

ባለፈው እሑድ ስንደውል እናቴ ስልኩን ገና አንዴ ሲጮህ አነሳችው። ሲጨርሱ ልጄ «እማማ፣ ሁለተኛ አላስደነግጥሽም» አለቻት። ቃሉን በቦታው አስገብታዋለች። እናቴም «ተባረኪ፣ በሳምንቱ ድገሚኝ» አለቻት።

ቸር ይግጠመን።